«ነርቭ ነው» የማይበቃበት ቦታ፦ ስለ እጅ መንቀጥቀጥ ለተሰራጨው ጽሑፍ ምላሽ

በደሴና በኮምቦልቻ ሰዎች ስልክ ውስጥ ሰሞኑን እየተዘዋወረ ያለ አንድ የቴሌግራም ጽሑፍ አለ። የሚያወራው ስለ እጅ መንቀጥቀጥና ሳይፈልጉት ስለሚመጣ የእጅ እንቅስቃሴ ነው። አጻጻፉ ያልተወሳሰበ፣ ለአንባቢ የተጨነቀ ነው፤ እንዲህ የተሰራጨውም በዚህ ይመስለኛል። ምክሩን እንዳለ የሚከተል ሰው ግን ሊጎዳ፣ በአንዳንዱ ቦታ ደግሞ ሊሞት ይችላል። ስለዚህ ነጥብ በነጥብ መመለስ ያስፈልጋል።

ጽሑፉ የሚለው ባጭሩ ይህ ነው። በዕድሜ የገፋ ሰው እጁ ከተንቀጠቀጠ ፓርኪንሰን ነው፤ መድኃኒት ስለሌለው ሐኪም ቤት መመላለሱ ገንዘብ ማባከን ነው። ወጣት ከሆነ ምክንያቱ ጫት፣ ቡና ወይም መጠጥ ነው፤ ቆርጦ በአንድ ቀን መተው ነው። ልጅ እጁን የሚያወራጨው ዐመል ሆኖበት ነው፤ ቆንጠጥ ሲያደርጉት ይተዋል። መድኃኒት እየወሰዱ መንቀጥቀጥ ከመጣ መድኃኒቱ ሰውነትን እየመረዘ ነውና ወዲያው ይጣል። ለሁሉም የሚሠራው የቢ ኮምፕሌክስ መርፌና መታሸት ነው። በመጨረሻም፣ የደም ምርመራው ደህና ከሆነ ጉዳዩ የሐኪም ሳይሆን የመንፈስ ነው።

ከእነዚህ መካከል እውነት ያዘሉ አሉ፤ በየቦታቸው እጠቅሳቸዋለሁ። ትልቁ ችግር ጸሐፊው አንዴም ያላነሱት ጥያቄ ነው፦ እጁ የሚንቀጠቀጠው መቼ ነው? ጭን ላይ አርፎ ሳለ ነው? ስኒ ይዞ ሲዘረጋ ነው? ወይስ ጉርሻው አፍ ሊደርስ ሲል? የሕክምናው መንገድ የሚለየው በዚህ መልስ ነው። ዕድሜ የሚጠየቀው ከዚያ በኋላ ነው።

«አዛውንት ከሆነ ፓርኪንሰን ነው፤ መድኃኒትም የለውም»

አንዲት እናት ከጀበና ሲቀዱ ቡናው ከስኒው ውጭ ይፈስሳል፤ ስኒውን ለእንግዳ ሲያቀብሉ ይንቃጨላል። ጀበናውን አስቀምጠው እጃቸውን ጭናቸው ላይ ሲያሳርፉ ግን እጁ ጸጥ ይላል። ይህ የፓርኪንሰን መልክ አይደለም። «ኢሴንሻል ትሬመር» የሚባለው ነው። ብዙውን ጊዜ ሁለቱንም እጅ ይይዛል፣ ከጊዜ በኋላ ወደ ራስና ወደ ድምፅ ሊሄድ ይችላል፣ ከታማሚዎቹ ግማሽ ያህሉም ተመሳሳይ ችግር ያለበት የቅርብ ዘመድ አላቸው። ከአዋቂዎች የመንቀጥቀጥ ሕመሞች መካከል በጣም ከሚታወቁት አንዱ ነው፤ በወጣትነትም ሊጀምር ይችላል። ፕሮፕራኖሎል የሚባለው ርካሽ ክኒን ብዙዎችን ይረዳል። በትንሹ፣ 10 ወይም 20 ሚሊግራም በቀን ሁለት ጊዜ ተጀምሮ የልብ ምቱ እየታየ ከፍ ይላል። አስም ላለበት ሰው ግን አይሰጥም፣ የትንፋሽ ቧንቧውን ያጠብበዋል። የለመደው ሰውም በድንገት አያቆመውም።

ፓርኪንሰን በተቃራኒው እጅ ሲያርፍ ይወጣል። በአንድ ወገን ይጀምራል፤ አውራ ጣትና ሌባ ጣት ተስቢህ ወይም መቁጠሪያ እንደሚቆጥር ሰው ጣት ይተሻሻሉ፤ ፍጥነቱ በሰከንድ ከ4 እስከ 6 ነው። ስኒውን ሊያነሱ ሲዘረጉ ለጊዜው ይቀንሳል። ለማየት ከተፈለገ ሰውየውን እጁን ጭኑ ላይ አሳርፎ ከ100 ጀምሮ 7 እየቀነሰ ወደ ታች እንዲቆጥር ማድረግ ነው፤ ሐሳቡ ቁጥሩ ላይ ሲሆን የተደበቀው መንቀጥቀጥ ይወጣል። ፓርኪንሰን ለመባል ግን መንቀጥቀጥ ብቻውን አይበቃም፤ ዘገምተኝነት ግድ ነው። አውራ ጣትና ሌባ ጣትን በሰፊው ከፍቶ ቶሎ ቶሎ ያጋጥም፤ ከ10 ምት በፊት ክፍተቱ እየጠበበ ከመጣ ወይም ምቱ እየተቋረጠ ከቆመ ያ ምልክት ነው። የእጅ ጽሑፍ እያነሰ መሄድ፣ ሲራመዱ አንዱ ክንድ አለመወዛወዝ፣ የሽታ መጥፋትም ይጨመሩበታል። ደግሞም ከ10 ታማሚዎች ሦስቱ ገደማ ሲጀምራቸው ምንም አይንቀጠቀጡም። ስለዚህ በጽሑፉ መለኪያ የሚሄድ ሰው ያልታመመውን «ፓርኪንሰን» ይላል፣ የታመመውን ያልፋል።

«መድኃኒት የለውም» የሚለው ግማሽ እውነት ነው። የሚነቅለው የለም። ሌቮዶፓ ግን እ.ኤ.አ. ከ1960ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ ቁልፍ መቆለፍ ያቃተውን ሰው እንደገና እያስቆለፈ ነው። «አልሠራልኝም» የሚባለው ብዙ ጊዜ ከአወሳሰዱ ነው፤ ከፕሮቲን ጋር ስለሚሻማ ከምግብ 30 ደቂቃ በፊት ወይም ከምግብ 1 ሰዓት በኋላ መወሰድ አለበት። ፕሮቲን ሲባል ሥጋና ወተት ብቻ የሚመስለው አለ፤ ሽሮም ምስርም ፕሮቲን ነው፣ ጾም ነገሩን አይለውጠውም።

«ወጣት ከሆነ ጫት ነው፣ ቡና ነው፣ መጠጥ ነው»

እዚህ ላይ ጸሐፊው አልተሳሳቱም፣ ግን ቶሎ ጨረሱት። በጫት ውስጥ ያለው ካቲኖን እንደ አምፌታሚን ያነቃል፤ የልብ ምት ይጨምራል፣ እጅ ያንቀጠቅጣል። በርጫ ላይ ሦስት አቦል የጠጣ ሰው እጁ ቢንቀጠቀጥ አይገርምም። ነገር ግን ቅሙን ትቶ ሳምንት አልፎት እጁ ካልረጋ ምክንያቱ ሌላ ነው። ያ ሌላ ደግሞ በወሎ ደጋ ብዙ ጊዜ አንገት ላይ ይገኛል።

እንቅርት በአካባቢያችን አዲስ ነገር አይደለም። በደጋው አፈር አዮዲን አነስተኛ ነው፤ ለዓመታት የቆየ አባጣ ጎርባጣ እንቅርት ከጊዜ በኋላ ራሱን ችሎ ሆርሞን ከልክ በላይ ማመንጨት ሊጀምር ይችላል። ያኔ እጅ በስሱ፣ በፍጥነት ይንቀጠቀጣል። ዓይን ላያየው ስለሚችል ሁለቱን እጆች ዘርግቶ በጣቶቹ ጀርባ ላይ አንድ ወረቀት መዘርጋት ነው፤ የወረቀቱ ጠርዝ ይርገበገባል። አብረውት የሚመጡት በደህና እየበሉ መክሳት፣ የልብ ድው ድው ማለት፣ የወር አበባ መዛባት፣ በደሴ ብርድ እንኳ ሞቆት ብርድ ልብስ መግፈፍ ናቸው። ምርመራው የደም ነው፤ ቲኤስኤች ይባላል። ፕሮፕራኖሎል መንቀጥቀጡን በቀናት ውስጥ ያበርደዋል፤ ሆርሞኑን የሚያወርደው ግን እንደ ፕሮፒልታዮዩራሲል ያለ መድኃኒት ነው፣ እሱም ሳምንታት ይፈልጋል። ይህን የሚወስድ ሰው ትኩሳትና የጉሮሮ ሕመም ከያዘው መድኃኒቱን አቁሞ በዚያው ቀን ነጭ የደም ሴል ማስቆጠር አለበት፤ አልፎ አልፎ ነጭ ሴልን ጠራርጎ ያጠፋልና። እንቅርቱን በቀዶ ሕክምና ያስወጣች ሴት ደግሞ በቀጣዮቹ ቀናት ከንፈሯ ዙሪያ ደነዘዘኝ ካለች፣ ጣቶቿ ተጣብቀው አውራ ጣቷ ወደ መዳፏ ከገባ፣ ይህ ምችም ነርቭም አይደለም። ካልሲየም ወርዷል። የደም ግፊት መለኪያውን ክንዷ ላይ ከላይኛው ግፊት አስበልጦ 3 ደቂቃ ማቆየት ምልክቱን ያስወጣዋል፤ ካልሲየም በደም ሥር ሲሰጥ ይለቃል።

ስኳርም አለ። ግሊቤንክላማይድ ወይም ኢንሱሊን የሚወስድ ሰው በረመዳን ከሰዓት በኋላ ወይም በሁዳዴ ረፋድ ላይ እጁ ከተንቀጠቀጠ፣ ካላበውና ከተደናገረ ስኳሩ ወርዷል ተብሎ ነው የሚታሰበው። መለኪያ ካለ ከ70 በታች ከሆነ ጾሙ ይፈታል። 3 የሻይ ማንኪያ ስኳር በግማሽ ብርጭቆ ውኃ አሟሙቶ ማጠጣት፣ ከ15 ደቂቃ በኋላ እንደገና መለካት፣ ካልወጣ መድገም፣ ከዚያ ምግብ ማብላት። ራሱን ለሳተ ሰው በአፍ ምንም አይሰጥም፤ ያንቀዋል። ግሊቤንክላማይድ እስከ 24 ሰዓት ስለሚሠራ ተሽሎት የተነሳ ሰው ሌሊት ዳግመኛ ሊወርድበት ይችላል። ብቻውን አይተኛ።

ከ40 ዓመት በታች ሆኖ እጁ በጉልህ የሚንቀጠቀጥ፣ ንግግሩ የተኮላተፈ፣ ወይም የጉበት ችግር የነበረበት ሰው መዳብ በሰውነቱ የሚጠራቀምበት የዊልሰን በሽታ መመርመር አለበት። የ24 ሰዓት ሽንት ተጠራቅሞ መዳቡ ይለካል፣ ዓይን ሐኪም የዓይኑ ጥቁር ክፍል ጠርዝ ላይ ቡናማ ቀለበት ይፈልጋል። ብርቅ ነው፤ ግን ይታከማል፣ ካልታከመም ይገድላል። በዘር ስለሚተላለፍ ወንድምና እኅቱም ይመረመራሉ።

አሁን ወደ «በአንድ ቀን መተው»። ለጫት ይሁን፤ ድብርትና እንቅልፍ ቢያመጣ እንጂ አይገድልም። ለአረቄ ግን ይህ ምክር አደገኛ ነው። ለዓመታት በየቀኑ ብዙ ሲጠጣ የኖረ ሰው በድንገት ሲያቆም ከመጨረሻው መለኪያ ከ6 እስከ 24 ሰዓት ባለው እጁ ይንቀጠቀጣል፤ እስከ 48 ሰዓት ባለው የሚጥል በሽታ ዓይነት መንፈራገጥ ሊመጣ ይችላል፤ ከ2ኛው እስከ 4ኛው ቀን ደግሞ መቃዠት፣ የሌለ ነገር ማየት፣ ትኩሳት ይከተላል። ይህ የመጨረሻው ካልታከመ ሰው ይሞትበታል። መተዉ ትክክል ነው፤ የሚተወው ግን በሐኪም ክትትል፣ እንደ ዳያዘፓም ባለ መድኃኒት ደረጃ በደረጃ ነው። «ማለዳ አንድ መለኪያ ስቀምስ እጄ ይረጋል» ማለትም ብቻውን ሱሰኛነትን አያረጋግጥም፤ ቀደም ብዬ ያነሳሁት ኢሴንሻል ትሬመርም በመጠጥ ለጊዜው ይበርዳል። የሚለያቸው ሌላው ቀን ነው፦ ሳይጠጣ በሚውልባቸው ሳምንታትም እጁ ያው ከሆነ መጠጡ ምክንያት አይደለም።

«ልጅ እጁን የሚያወራጨው ዐመል ነው»

በጽሑፉ ውስጥ በጣም የሚያስቆጣው ይህ ነው።

ከ5 እስከ 15 ዓመት ያለች ልጅ፣ ከወንዶች ይልቅ ብዙ ጊዜ ሴት፣ ደህና የነበረ የእጅ ጽሑፏ በሳምንታት ውስጥ ተበላሸ። ስኒ ከእጇ ያመልጣል። ጣቶቿ፣ ትከሻዋ፣ ፊቷ ሥርዓት በሌለው መንገድ ይወራጫሉ፤ በረባ ባልረባው ታለቅሳለች። ሲቆጧት ይብሳል፣ ስትተኛ ይጠፋል። ይህ ሲደንሃም ኮሪያ ነው፤ የሩማቲክ ትኩሳት አንዱ መገለጫ። ከ1 እስከ 6 ወር በፊት፣ ስትሬፕቶኮከስ በሚባል ባክቴሪያ የመጣ የቶንሲል ሕመም ነበረባት፤ ያን ለመከላከል ሰውነቷ ያመረተው ነገር ወደ ራሷ አንጎል ዞሮ ነው። ጊዜው ስለሚርቅ ትኩሳት ላይኖር ይችላል፤ የጉሮሮውን ኢንፌክሽን የሚያሳየው የደም ምርመራም ደህና ሊሆን ይችላል። ስለዚህ «ምርመራው ምንም አላሳየም» ብሎ መሸኘት አይቻልም።

ቤት ውስጥ የሚታዩ ሦስት ነገሮች አሉ። ምላሷን አውጥታ እንድታቆየው ስትጠየቅ ከጥቂት ሰከንድ በላይ አትችልም፣ ምላሱ ይገባል ይወጣል። ሁለት ጣቶችዎን አስጨብጠው «አትልቀቂ» ሲሏት ጭብጧ ይጠብቃል ይላላል፣ ላም እንደሚያልብ እጅ። ሁለት እጇን ወደ ላይ ስታነሳ መዳፎቿ ወደ ውጭ ይዞራሉ።

ቁምነገሩ እጁ አይደለም። እጁ ብዙውን ጊዜ በወራት ውስጥ ራሱ ይሻለዋል። ከእሱ ጋር የሚጎዳው ልብ ግን አይመለስም፤ በአገራችን የልጆችና የወጣቶች የልብ በር መጥበብና መላላት ዋና ምንጭ ይኸው ሩማቲክ ነው። ስለዚህ እንዲህ ያለች ልጅ ሁሉ፣ ልቧ በማዳመጫ ደህና ቢመስልም፣ የልብ አልትራሳውንድ ያስፈልጋታል። ከዚያ ቤንዛታይን ፔኒሲሊን በየ3 ወይም በየ4 ሳምንቱ ይወጋል፤ ክብደቷ ከ27 ኪሎ በታች ከሆነ 600,000 ዩኒት፣ ከዚያ በላይ 1,200,000። ልቧ ካልተነካ ቢያንስ 5 ዓመት ወይም 21 ዓመት እስኪሞላት፣ ከሁለቱ የሚረዝመው፤ ከተነካ ከዚያም ይረዝማል። ብዙዎች የሚያቋርጡት እጁ ሲረጋ ነው፤ ያኔ ነው ሁለተኛው የቶንሲል ሕመም መጥቶ ልቡን የሚጨርሰው። እንጥል ማስቆረጥ ለዚህ አንዳች አይረዳም። ቁንጥጫማ ጨርሶ።

ዐመል የሚመስሉ ሌሎችም አሉ፣ በፍጥነት ልለፋቸው። ቲክ ድንገተኛና ተመሳሳይ እንቅስቃሴ ነው፤ ልጁ ለደቂቃዎች ሊያፍነው ይችላል፣ ውስጡ ግን እየተጠራቀመ ይወጣል፤ አብዛኛው ዕድሜ ሲጨምር ይቀንሳል፣ ባያዩለት ይሻላል። ሲደሰት እጁን የሚያርገበግብና ስሙ ሲጠራ የሚያቆም ሕፃን ንግግሩና ከሰው ጋር መግባባቱ ደህና ከሆነ አያሳስብም፤ ካልሆነ ኦቲዝም ይታይ። ሴት ሕፃን ከ6 እስከ 18 ወር ደህና አድጋ ከዚያ ንግግሯንም በእጅ መያዝንም ረስታ እጆቿን እንደምታጥብ ያለማቋረጥ ካሸች ሬት ሲንድረም ሊሆን ይችላልና የሕፃናት ሐኪም ይያት።

«መድኃኒቱ እያንቀጠቀጠህ ነው፣ ጣለው»

የመጀመሪያው ግማሽ እውነት ነው፤ እንዲያውም ጸሐፊው ማንሳታቸው ያስመሰግናል፣ ሐኪምም የሚረሳው ነገር ነውና። የአስም ሳልቡታሞል ከነፉት በኋላ እጅ ያንቀጠቅጣል፣ በሰዓታት ውስጥም ያልፋል። ለሚጥል በሽታ የሚሰጠው ቫልፕሮኤት መጠኑ ሲጨምር እጅን ያንቀጠቅጣል። ለስሜት መዛባት የሚሰጠው ሊቲየም፣ ለድብርት የሚሰጠው አሚትሪፕቲሊንም እንዲሁ። ለአእምሮ ሕመም የሚሰጡት ሃሎፔሪዶልና ክሎርፕሮማዚን ከፓርኪንሰን ጋር የማይለይ ግትርነትና መንቀጥቀጥ ያመጣሉ።

ከሁሉ የሚረሳው ግን ሜቶክሎፕራማይድ ነው፤ ፋርማሲ ውስጥ «ፕላሲል» የሚባለው የማስመለስ መድኃኒት። እ.ኤ.አ. በ2013 የአውሮፓ የመድኃኒት ኤጀንሲ ለአዋቂ ከ5 ቀን፣ በቀንም ከ30 ሚሊግራም እንዳይበልጥ መክሯል። ለ«ጨጓራ» እየተባለ ለወራት የሚውጡት አዛውንት አሉ። እጃቸው ሲንቀጠቀጥና ሲዘገዩ በዚያ በመጀመሪያው ነጥብ መሠረት «ፓርኪንሰን ነው፣ መድኃኒት የለውም» ተብለው ቤት ይቀመጣሉ። ያ ክኒን ቢቆም ብዙዎቹ በሳምንታት ወይም በወራት ውስጥ ይድኑ ነበር።

«ጣለው» ግን ለሁሉም አይሠራም። ቫልፕሮኤትን በድንገት የጣለ የማያባራ የመጣል ጥቃት ሊነሳበት ይችላል፤ ከ5 ደቂቃ በላይ የቆየ ደግሞ ድንገተኛ ሕክምና ይፈልጋል። ሃሎፔሪዶል የጣለ ሕመሙ ያገረሽበታል። ለዚያው ለአእምሮ ሕመም ፍሉፌናዚን የሚባለውን መርፌ የተወጋ ሰው የሚጥለው ነገር የለም፤ መርፌው ጡንቻ ውስጥ ሳምንታት ይቆያል። መፍትሔው መጠን መቀነስ ወይም መቀየር ነው፣ በጻፈው ሐኪም። «አርቴን» የሚባለውን ትራይሄክሲፌኒዲል ከሰው ተውሶ መዋጥም ያው ጥፋት ነው። እነ ሃሎፔሪዶል ያመጡትን ግትርነት ያላላል፣ ከእነሱው ዘግይቶ የሚመጣውን የአፍና የጣት መወራጨት ግን ያብሰዋል፤ አዛውንትን ያደናግራል፣ ሽንት ያግዳል።

«ቢ ኮምፕሌክስና መታሸት ለሁሉም»

የቢ12 እጥረት እጅና እግር ያደነዝዛል፣ አንዳንዴም ያንቀጠቅጣል። ብዙ ለጠጣ ሰው ቢ1 በእርግጥ ሕይወት አዳኝ ነው፤ ሐኪም ቤትም ግሉኮስ ከመሰቀሉ በፊት ወይም አብሮ ይሰጣል። ከእነዚህ ውጭ ከላይ ከዘረዘርኳቸው አንዱንም መርፌው አያክምም። መታሸት አይጎዳም፤ ወጌሻው አንገት ካላጠመዘዘ።

«ምርመራው ደህና ከሆነ መንፈስ ነው»

ጸበልም ዱአም የሰው እምነት ነው፤ ይህ ምላሽ እዚያ ውስጥ አይገባም። የሚከራከረው «የደም ምርመራው ደህና ነው» ከሚለው ወደ «ሐኪም አያገባውም» ከሚለው ዝላይ ጋር ነው። ፓርኪንሰንም ኢሴንሻል ትሬመርም በተለመደው የደም ምርመራ አይታዩም፤ የሚታወቁት ሐኪም አይቶ፣ አስጽፎ፣ አስራምዶ ነው። ለዚህ ነው ቤተሰብ ከላቦራቶሪ ወረቀት ይልቅ በስልክ የተቀረጸ አጭር ቪዲዮ ቢይዝ የሚሻለው፦ 30 ሰከንድ እጁ ጭን ላይ አርፎ፣ 30 ሰከንድ ተዘርግቶ፣ 30 ሰከንድ ከአንድ ስኒ ወደ ሌላ ውኃ ሲቀዳ። የሚውጠውን መድኃኒት ሁሉ ከነማሸጊያው መያዝም አይረሳ። ደሴ ውስጥ መጀመሪያ የሚታየው በውስጥ ደዌ ክፍል ነው።

መንፈስ ከሚባሉት ውስጥ አንዱን ልጥቀስ። ወጣት ልጅ ለማስመለስ ፕላሲል ተወግቶ በነጋታው አንገቱ ይጠመዘዛል፣ ዓይኑ ወደ ላይ ይሰቀላል፣ እጁ ይቆለመማል፤ ልቡናው ግን አልጠፋም፣ ይሰማል። ለዓይን የሚያስደነግጥ ነው፣ ጅን ያዘው ቢባል የሚፈረድበት የለም። ዳይፈንሃይድራሚን ወይም ቤንዝትሮፒን በመርፌ ሲሰጠው በደቂቃዎች ውስጥ ይለቀዋል። ከዚያ በኋላ ካርዱ ላይ ያ መድኃኒት እንዳይሰጠው ይጻፋል።

ቪዲዮና ቀጠሮ የማይጠበቅላቸውም አሉ። በድንገት የአንድ ወገን እጅ መወርወር የጀመረ አዛውንት፤ ይህ ስትሮክ ወይም በጣም የናረ ስኳር ሊሆን ይችላል፣ ኤችአይቪ ባለበት ሰው ደግሞ ቶክሶፕላዝማ የሚባል ተሕዋስ ያመጣው የአንጎል ኢንፌክሽን። አንድ እጁ በእኩል ምት እየተመታ ወደ ፊቱ የሚዘልቅበት፤ ያ የሚጥል በሽታ ነው። ዓይኑ ቢጫ ሆኖ የተደናገረና የተዘረጋ መዳፉ እየወደቀ የሚነሳ፤ ያ ጉበት ነው። ፀረ ተባይ ሲረጭ ውሎ ምራቁ የሚዝረበረብና ጡንቻው የሚርገበገብ፤ ልብሱ ወልቆ ገላው በውኃና በሳሙና ይታጠባል፣ የጠርሙሱ ወረቀትም አብሮ ይወሰዳል። ኮምቦልቻ ያለ ሰው እነዚህን ይዞ የሐረጎን ዳገት ከመጀመሩ በፊት በአቅራቢያው ባለ ጤና ጣቢያ ስኳር ያስለካ፤ የወረደ ስኳር ደሴ እስኪደረስ አይጠብቅም።